አስማትንና ጊዜን የሚገዛ ውል በአንድ ዓረፍተ ነገር አይታለፍ

ለጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፣

ሰላምታዬን አስቀድማለሁ። የምጽፍልዎ ስለ ምናባዊ ልቦለድ፣ ይልቁንም በምናባዊ ልቦለድ ውስጥ ስለሚገኝ አንድ ሰነድ ነው፦ ነገሥታትና አስማተኞች ጊዜን እንዳሻቸው እንዳያዛቡ ስለሚፈራረሙት ውል።

በአማርኛ የአስማት ዓለም የሚፈጥሩ ወጣት ደራስያን እየተነሡ ነው፤ የሥነ ጽሑፍ ዓምዳችሁም በሩን ስለከፈተላቸው ሊመሰገን ይገባዋል። ሆኖም በብዙዎቹ ድርሰቶች አንድ ቦታ ላይ «ጠቢባኑ ተሰብስበው ጊዜን ላይነኩ ውል ገቡ» የሚል ዓረፍተ ነገር ይመጣና በዚያው ይቀራል። ጀግናው ጥቂት ምዕራፍ ቆይቶ ወደ ትናንት ይመለሳል። ማን ፈቀደለት? ምን ያህል ተመለሰ? ማን አየው? ምን ይከፍላል? የሚጠይቅ የለም። መጨረሻው ላይ ደግሞ ያው የተረሳው ውል ድንገት ይነሣና ክፉውን ሰው ያስቀጣል። እንዲህ ያለ ውል ውሃ አያነሣም፤ አንባቢም ተታለልኩ ቢል አይፈረድበትም።

ጊዜን የሚገዛ ውል ከሁሉ በፊት አስማት የማይደርስበት ሰዓት ያስፈልገዋል። የምከራከረው ለዚህ ነው። ቅጣቱ፣ ምስክሩ፣ ገደቡ፣ ሁሉም የሚቆሙት በዚያ ሰዓት ላይ ነው። እሱ ከሌለ ጊዜን መመለስ የሚችል ሰው ቀለሙ ሳይደርቅ ወደ ትናንት ሄዶ ፊርማውን ያላኖረበት ቀን ላይ ይቀመጣል፤ ከዚያ ወዲያ በእሱ ላይ የሚጠቀስ ወረቀት አይኖርም።

ደሴ ላይ ሆኖ ለሚጽፍ ሰው ይህ ሩቅ ነገር አይደለም። እዚህ ከተማ ግድግዳ ላይ የሚሰቀል የቀን መቁጠሪያ የእኛን፣ የሒጅራንና የፈረንጆችን ቀን አንድ ላይ ይዞ ይገኛል። ሦስቱ የሚለያዩት በዓመቱ ቁጥር ብቻ አይደለም፤ ቀኑ የሚገባበት ሰዓትም አንድ አይደለም። በሒጅራ ቀኑ የሚለወጠው ፀሐይ ስትጠልቅ ነው። በፈረንጆች እኩለ ሌሊት ላይ ነው። እኛ ደግሞ በዕለት ኑሯችን የቀኑን ሰዓት የምንቆጥረው ከንጋት ጀምረን ነው። እንግዲህ የድርሰቱ ውል «ከመስከረም 1 ቀን ጀምሮ ጊዜን መመለስ ክልክል ነው» ቢል፣ ከጳጉሜን መጨረሻ ምሽት 12 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት ያለው ሌሊት የማን ነው? አንዱ ተዋዋይ ክልከላው ገብቷል ይላል፤ ሌላው ገና ሊነጋ ነው ይላል። ሕግ የሌለበት አንድ ሙሉ ሌሊት ተገኘ ማለት ነው። ጥሩ ደራሲ ይህን ቀዳዳ በአንድ መስመር ይደፍነዋል፣ አለዚያም አውቆ ይተወውና ታሪኩን ከዚያ ሌሊት ያስነሣል። ሁለቱም ያምራል። የማያምረው ቀዳዳው መኖሩን ሳያውቁ ማለፍ ነው።

ሰዓት በስምምነት የሚቆም ነገር መሆኑን ለማየት ምናብ እንኳን አያስፈልግም። እ.ኤ.አ. በ1884 በዋሽንግተን 25 አገሮች ተሰብስበው የኬንትሮስ መነሻ መስመር በግሪንዊች እንዲያልፍ ድምፅ ሲሰጡ 22ቱ ደገፉ፣ አንድ አገር ተቃወመ፣ ፈረንሳይና ብራዚል ድምፀ ተአቅቦ አደረጉ። ፈረንሳይ የፓሪስን ሰዓት ትታ ከሌላው ጋር የተስተካከለችው በ1911 ነው። በአስማት ዓለም ውስጥ ይህን ያህል ዘመን በራሱ ሰዓት ብቻ የሚኖር፣ ውሉን ያልተቃወመም ያልተቀበለም መንግሥት ቢኖር ምን ዓይነት ጎረቤት እንደሚሆን አስቡት። ኮንትሮባንድ ጊዜ የሚነግዱት ሁሉ ድንበሩ ላይ ይሰፍራሉ።

ቀን ከቀን ማዛመድም የራሱ ወጥመድ አለው። ከደሴ ወደ ወልድያ በሚወስደው መንገድ ላይ በምትገኘው ውጫሌ የተፈረመው ውል ቀኑ ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. ነው፤ በፈረንጆች ሜይ 2 ቀን 1889። ዛሬ መቁጠሪያ ገልጠን ብናይ ግን ሚያዝያ 25 ሜይ 3 ላይ ይውላል። ዓድዋም እንደዚሁ ነው፦ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በፈረንጆች ማርች 1 ቀን 1896 ነበር፤ በዓሉ አሁን የሚውለው ማርች 2 ነው። የእኛ ቀን ከቦታው አልተነቃነቀም። ፈረንጆች ለ400 የማይካፈለውን የምዕተ ዓመት መባቻ ከሠግር ዓመት፣ ማለትም አንድ ቀን ከሚጨመርበት ዓመት፣ ስለሚያስወጡ በ1900 ፌብሩዋሪ 29ን ዘለሉ፤ እኛ በየአራት ዓመቱ ጳጉሜን 6 ማለታችንን አላቋረጥንም። በ2100 ደግሞ ልዩነቱ በአንድ ቀን ይሰፋል። በልቦለድ ውስጥ ሁለት መንግሥታት በሁለት መቁጠሪያ ውል ተፈራርመው የትኛው እንደሚገዛ ካልጻፉ፣ ከመቶ ዓመት በኋላ በመካከላቸው ማንም ያልቆጠረው አንድ ቀን ይበቅላል። የሚበልጠው ችግር ቀኑ መብቀሉ ሳይሆን ሁለቱም ወገን ትክክል መሆናቸው ነው፤ ዳኛም ሊፈርድላቸው አይችልም።

ስለዚህ የውሉ የመጀመሪያ አንቀጽ ሦስት ነገር ይናገር፦ የትኛው መቁጠሪያ እንደሚገዛ፣ ቀኑ በየትኛው ሰዓት እንደሚገባ፣ የሚቆጠረውም በየትኛው ስፍራ ባለ ሰዓት እንደሆነ። ስፍራው አስማት የማይዘልቅበት መሆኑ በታሪኩ ውስጥ ምክንያት ይኑረው። እንደ ጦሳ ያለ ተራራ አናት ሊሆን ይችላል፣ ሐይቅ መካከል ያለ ገዳም ሊሆን ይችላል። ዝም ብሎ «አስማት አይሠራበትም» ከማለት ግን ለምን እንደማይሠራ ማስረዳት የደራሲው ዕዳ ነው።

መለኪያውን ከውጭ መዋስ አያስፈልግም። የቤተ ክርስቲያናችን የዘመን ስሌት የሆነው ባሕረ ሐሳብ ዕለቱን ለ60 ኬክሮስ ይከፍለዋል፤ አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ይሆናል። ኬክሮስ 60 ካልዒት አለው፣ ካልዒት 24 ሰከንድ ነው፤ ከዚያ ሣልሲት፣ ራብዒት፣ ኀምሲት፣ ሳድሲት እየተባለ በ60 እየተከፈለ ይወርዳል። ወደ ላይ ደግሞ ዓውደ አበቅቴ 19 ዓመት፣ ዓውደ ፀሐይ 28፣ ዓውደ ማኅተም 76፣ ዓውደ ቀመር 532 ዓመት ነው፤ 19 በ28 ሲባዛ የሚገኘው ማለት ነው። «አስማተኛው ጥቂት ጊዜ ወደ ኋላ ተመለሰ» ብሎ ከመጻፍ «ሁለት ኬክሮስ ከካልዒት ተመለሰ» ማለት እንዴት የተሻለ እንደሆነ ማስረዳት የሚያስፈልግ አይመስለኝም። የውሉም ዕድሜ «ለዘላለም» ከሚባል አንድ ዓውደ ማኅተም ቢባል ሊያልቅ የሚችል ነገር ይሆናል። የሚያልቅ ውል ደግሞ ማብቂያው ሲቃረብ ሰዎችን ያስጨንቃል፤ ታሪክም ከዚያ ይወጣል።

ይኸው ባሕረ ሐሳብ ለሐሰተኛ ሰነድም መድኃኒት አለው። ውሉ ቀን ሲጻፍበት ዓመቱ ብቻ አይጻፍ፤ ዓመቱ የሚጠራበት ወንጌላዊ፣ ከዓመቱ ቁጥር በስሌት የሚወጡት ወንበሩ፣ አበቅቴውና መጥቅዑም አብረው ይስፈሩ። ለምሳሌ 2018 ዓ.ም. ላይ 5500 ሲጨመር 7518 ይሆናል። ለ4 ሲካፈል 2 ይተርፋል፤ ዘመነ ማርቆስ ነው። ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል፤ ከእሱ አንድ ሲነሣ ወንበሩ 12 ነው። 12 በ11 ሲባዛ 132፣ በ30 ሲገደፍ (ተካፍሎ ቀሪው ሲወሰድ) አበቅቴ 12። 12 በ19 ሲባዛ 228፣ በ30 ሲገደፍ መጥቅዕ 18። ሁለቱ ሲደመሩ 30 ካልሞሉ ስሌቱ ስህተት አለው። አሁን ከሌላ ዘመን የመጣ አጭበርባሪ ውሉን ቀኑን ወደ ኋላ አድርጎ አስመስሎ ቢጽፍ፣ ዓመቱን ለውጦ አበቅቴውን ሳይለውጥ ይቀራል፤ ወይም ዘመነ ሉቃስ ባልሆነ ዓመት መጨረሻ ጳጉሜን 6 ብሎ ይፈርማል። መዝገብ ቤት ተቀምጦ ጣቱን እያጠፈ የሚቆጥር አንድ ሽማግሌ ደብተራ እዚያው ይይዘዋል። ሰይፍ ሳይመዘዝ ወንጀለኛ የሚጋለጥበት ትዕይንት ለአማርኛ አንባቢ የተፈጠረ ነው።

ጳጉሜንን ካነሣሁ አይቀር፣ ውሉ «በየወሩ» የሚል ቃል ካለበት ጳጉሜን ወር ናት ወይስ አይደለችም የሚለው ይወሰን። ለአንድ አስማተኛ በወር ሦስት ኬክሮስ የተፈቀደለት እንደሆነ፣ በ12 ወር 36 ነው፣ በ13 ወር 39። የሦስት ኬክሮስ ልዩነት ከአንድ ሰዓት በላይ ነው፤ በአንድ ሰዓት ውስጥ ንጉሥ ሊሞት ይችላል።

ቀጥሎ የሚመጣው አስማት ማለት ምን እንደሆነ መወሰን ነው። እዚህ ላይ ብዙ ደራሲ የድግምት ዝርዝር ይጽፋል፦ ይህ ይከለከላል፣ ያ ይፈቀዳል። ዝርዝር ብቻውን አይበቃም፣ በነጋታው አዲስ ድግምት ይወጣል፤ በዝርዝሩ ስለሌለ የተፈቀደ ይሆናል። የኬሚካል ጦር መሣሪያን የሚከለክለው ኮንቬንሽን፣ እ.ኤ.አ. በ1993 ለፊርማ ቀርቦ በ1997 ሥራ ላይ የዋለው፣ ይህን በሚገባ ፈትቶታል። ኬሚካሎችን በሦስት ሠንጠረዥ መድቧል፤ ግን ክልከላውን በሠንጠረዡ ላይ አላንጠለጠለውም። ማንኛውም መርዛማ ኬሚካል ላልተከለከለ ዓላማ ካልሆነ በቀር በክልከላው ሥር ይወድቃል፤ ሠንጠረዡ የሚያገለግለው ለቁጥጥር ነው። የአስማት ውልም እንዲሁ ይጻፍ። ዋናው አንቀጽ አስማቱን በመሣሪያው ሳይሆን በውጤቱ ይግለጸው፦ በክታብ ይሁን በዜማ፣ በሥር ይሁን በጠልሰም፣ የሆነን ነገር እንዳልሆነ የሚያደርግ ሁሉ። ከዚያ በአባሪው ላይ ሦስት ሠንጠረዥ ይኑር። አንደኛው ጊዜን የሚመልስ፣ ሁለተኛው ጊዜን የሚያቆም፣ ሦስተኛው ያለፈውን የሚያሳይ ግን የማይነካ። አባሪው ዋናው ውል ሳይከፈት የሚሻሻል ይሁን፤ አለዚያ ለአንዲት ድግምት ብሎ ነገሥታቱን ሁሉ እንደገና ማሰባሰብ ይመጣል።

አሁን ወደ ገደቡ። ለአንድ ጊዜ አንድ ኬክሮስ ብቻ ተፈቅዷል እንበል። አንዱ አስማተኛ 24 ደቂቃ ይመለሳል፤ የተመለሰበት ቦታ ላይ ቆሞ እንደገና 24 ደቂቃ ይመለሳል፤ ከዚያም እንደገና። እያንዳንዱ እርምጃ ሕጋዊ ነው፤ ድምሩ ግን አምና ያደርሰዋል። ይህ የሚሆነው ገደቡ የተቆጠረው ከአስማተኛው «አሁን» ስለሆነ ነው። መቆጠር ያለበት ከማይነካው ሰዓት ነው፦ በዚያ ሰዓት አቆጣጠር በአንድ ዕለት ውስጥ ከአንድ ኬክሮስ አይበልጥም ቢባል ሰንሰለቱ ይበጠሳል።

ሁለተኛውና የከፋው ብልሽት በመዝገቡ ላይ የሚደርሰው ነው። አስማተኛው የተጠቀመበት ልክ የሚጻፍበት ደብተር አስማቱ በሚሠራበት ክበብ ውስጥ ካለ፣ ጊዜው ሲመለስ ደብተሩም አብሮ ይመለሳል። ቀለሙ ከገጹ ይጠፋል፣ ድርሻው እንዳልተነካ ይሆናል፣ ሰውየው ዕድሜ ልኩን የመጀመሪያውን ኬክሮስ ሲጠቀም ይኖራል። በጊዜ ላይ የተጻፉ ድርሰቶች የሚፈርሱት አብዛኛውን ጊዜ እዚህ ነው። መዝገቡ ከክበቡ ውጭ ይቀመጥ፤ ሁለት ቅጂ ይኑረው፤ ሁለቱ በአንድ አስማት ሊደረስባቸው በማይችል ርቀት ይራራቁ፤ አንዱን ቅጂ የሚጠብቀውም ተቃራኒው ወገን ይሁን።

የምስክርም ነገር ከዚህ አይለይም። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 1727 በጽሑፍ እንዲደረግ የሚፈለግ ውል በሁለት ምስክሮች ካልተረጋገጠ አይጸናም ይላል። ለጊዜ ውል ሁለት መሆናቸው ብቻ አይበቃም፤ የት እንደቆሙም ይወስናል። ሁለቱም ክበቡ ውስጥ ከሆኑ ትዝታቸው አብሮ ይመለሳል፣ ያዩት ነገር የለም። ሁለቱም ውጭ ከሆኑ ውስጥ ማን ምን እንዳደረገ አያውቁም። አንዱ ውስጥ፣ አንዱ ውጭ ይቁሙ። የውስጡ ሰው ምንም ባያስታውስ እንኳ በእጁ የያዘው ነገር ይመሰክርለታል፤ ያ ነገር ጧፍ ቢሆን እመርጣለሁ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ከአንድ ንክር የወጡ፣ ክራቸው እኩል የተፈተለ፣ አንድ አንድ ክንድ የሆኑ ሦስት ጧፎች ይዘጋጃሉ። ሦስተኛው አስቀድሞ ይበራና በአንድ ኬክሮስ ስንት ጣት እንደሚነድ ይለካል፤ ልኩ በመዝገቡ ይጻፋል። የቀሩት ሁለቱ ከአንድ እሳት አብረው ይለኮሳሉ። አንዱ ከአስማተኛው ጋር ክበቡ ውስጥ ይገባል፤ ሌላውን የተቃራኒው ወገን ምስክር ውጭ ይይዘዋል። አስማቱ ሲያበቃ ሁለቱም እኩል ይጠፉና ጎን ለጎን ይጋደማሉ። ጊዜው ያልተነካ እንደሆነ ቁመታቸው አንድ ነው። የተመለሰ ወይም የቆመ እንደሆነ የውስጡ ይረዝማል፤ ትርፉ በጣት ተለክቶ አስቀድሞ ለተጻፈው ልክ ሲካፈል የተነካው ጊዜ በኬክሮስ ይወጣል። የውስጡ ካጠረ ሰውየው ጊዜን ወደፊት አስሮጦታል ማለት ነው።

ጧፍ የሚዋሽበትም መንገድ አለ፣ ውሉም ሊያውቀው ይገባል። ነፋስ ያገኘው ጧፍ ቶሎ ያልቃል፤ ስለዚህ የውጩ ቤት ውስጥ ይቁም። ሰሙ ከሻማ ሰም ጋር የተቀላቀለ ከሆነ አነዳደዱ ይለወጣል። ክሩ የወፈረ ጧፍ ነበልባሉ ይበልጣል። ከሁሉ የሚቀለው ማጭበርበሪያ ግን የውስጡን አውጥቶ በረጅም መተካት ነው፤ ለዚህ በእያንዳንዱ ጣት ላይ ቀለም ያለው ክር ይቋጠርበት፣ ግርጌውም ይታተም። ነድዶ ከሚያልቅበት ጊዜ በላይ ለሆነ መመለስ ጧፍ አያገለግልም። ለዓመታት ጉዞ የሚያገለግለው መዝገቡ ነው።

ብዙ ሰው የማያስበው ሌላ ነገር ውሉ ሰውየውን እስከ የት ይከተለዋል የሚለው ነው። እ.ኤ.አ. በ1969 የወጣው የቪየና የስምምነቶች ሕግ ኮንቬንሽን አንቀጽ 28፣ ሌላ ሐሳብ ካልተገለጸ በቀር፣ ስምምነት ሥራ ላይ ከመዋሉ በፊት በተፈጸመ ድርጊት ተዋዋዩን አያስገድድም ይላል። ለእኛ ዓለም ጤናማ ሕግ ነው። በአስማት ዓለም ግን ውሉ ከተፈረመ በኋላ ከመፈረሙ በፊት ወዳለው ዓመት የሸሸ ሰው በሕግ ነፃ ነው። እዚያ ሆኖ የሚሠራው ሁሉ «በፊት» የተሠራ ነው። መፍትሔው ውሉ የሰውየውን ዕድሜ እንጂ ዘመኑን እንዳይከተል ማድረግ ነው፦ «ፈራሚው በራሱ ዕድሜ ሲቆጠር ከፈረመበት ቅጽበት በኋላ የሚሠራው አስማት ሁሉ፣ በየትኛውም ዘመን ቢገኝ፣ በዚህ ውል ይገዛል።» ይህ አንቀጽ ካለ ማምለጫ ዘመን የለም። የ30 ዓመት ጎልማሳ ሆኖ ፈርሞ ወደ ልጅነቱ ዘመን ቢሄድ ጎልማሳው ይጠየቃል፤ በዚያው ዘመን ያለው ልጅ እሱ ግን ገና ስላልፈረመ አይጠየቅም። አንድ ሰው በአንድ ቀን በአንድ መንደር ውስጥ ጥፋተኛም ንጹሕም ሆኖ ይገኛል። ዳኛው ሁለቱን ፊቱ አቁሞ ዕድሜያቸውን የሚመረምርበት ችሎት አንድ ሙሉ ምዕራፍ ይወጣዋል።

ይርጋም በዚሁ መንገድ ይታይ። በፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 1845 መሠረት ሌላ ካልተደነገገ ከውል የሚነሣ ክስ በ10 ዓመት በይርጋ ይታገዳል። አስማተኛው ውሉን አፍርሶ በአንዲት ሌሊት አሥር ዓመት ወደፊት ቢዘል፣ በማይነካው ሰዓት ሲቆጠር ይርጋው ሞልቷል፤ እሱ ግን ገና እራቱን አልፈጨም። ስለዚህ ይርጋው የሚቆጠረው ተከሳሹ ራሱ በኖራቸው ዓመታት ነው ተብሎ ይጻፍ። ከመጀመሪያው አንቀጽ ጋር የተጣረሰ ሊመስል ይችላል፤ አይደለም። ገደብና ማስታወቂያ በጋራው ሰዓት ይቆጠራሉ፣ ተጠያቂነትና ይርጋ በሰውየው ዕድሜ። የትኛው ነገር በየትኛው ሰዓት እንደሚቆጠር ሳይለይ የጻፈ ደራሲ ታሪኩ መሐል ላይ ራሱ ይጠፋል።

ማስታወቂያ ካልኩ፣ የውጫሌን ውል ስናነሣ ሁላችንም አንቀጽ 17 ላይ እንቆማለን፤ ለደራሲ ግን አንቀጽ 16ም ብዙ ያስተምራል። ቢያንስ አምስት ዓመት ካለፈ በኋላ ከተዋዋዮቹ አንዱ ማሻሻያ ቢፈልግ ከአንድ ዓመት በፊት ለሌላው እንዲያስታውቅ፣ የመሬቱ ጉዳይ ግን እንደጸና እንዲቆይ ይላል። በአስማት ዓለም ይህ የአንድ ዓመት ማስታወቂያ ዋጋ የለውም፤ ፈላጊው ወደ አምና ተመልሶ ደብዳቤውን ያደርሳል፣ ዛሬ «ዓመቱ ሞልቷል» ይላል። ማስታወቂያ የሚቆጠረው በውጭው መዝገብ ላይ ከሰፈረበት ሰዓት ጀምሮ እንዲሆን ማድረግ ግድ ነው። ከማሻሻያ ውጭ የሚሆነውን ነገር መምረጥም ከባድ ሥራ ነው። እኔ ብሆን የማይነካውን ሰዓት አስቀምጥ ነበር።

ከውሉ በፊት የተዛባው ጊዜስ ይስተካከል ወይስ ይተው? እዚህ ላይ በ12 አገሮች እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 1 ቀን 1959 የተፈረመው የአንታርክቲካ ውል ጥሩ መንገድ ያሳያል። አንቀጽ 4 የቀድሞውን የግዛት ይገባኛል ባይነት አላጸደቀም፣ አልሰረዘም፤ እንደነበረ አቆመው። አንቀጽ 7 ደግሞ መብቱ ያላቸው አገሮች የሚሾሟቸው ታዛቢዎች በማንኛውም ጊዜ ወደ ማንኛውም ጣቢያ የመግባት ሙሉ ነፃነት ይሰጣቸዋል። ሁለቱም ቃል በቃል ሊወሰዱ ይችላሉ፦ ያለፈው አስማት አይጸድቅም፣ አይፈርስምም፤ የአስማቱ ቤት ግን ለተቃራኒው ወገን ታዛቢ ሳያንኳኳ ክፍት ነው።

ቅጣትን በተመለከተ ደራስያን ወደ ሞት ይቸኩላሉ። የወሎ አበጋሮች፣ አስታራቂዎቹ ሽማግሌዎች፣ ደም ሲያደርቁና ሲያስታርቁ ሸንጎው፣ መሐላውና ካሣው ምን ያህል ኃይል እንዳላቸው ያየ ሰው ሌላ መንገድ እንዳለ ያውቃል። መሐላውን የጣሰ ሰው ከዕድር፣ ከቡና፣ ከሠርግ ሲገለል የሚደርስበት፣ ከሰው ተቀላቅሎ መኖር ለለመደ ከሰይፍ የቀለለ አይደለም። ለአስማተኛ ደግሞ ካሣው በዓይነት ይሁን፦ የሰረቀውን ኬክሮስ ያህል ከራሱ ዕድሜ ለተበዳዩ ይክፈል። ይህ ቅጣት ራሱ በሠንጠረዥ አንድ የሚመደብ አስማት ስለሆነ ፈጻሚው አካል በስም ተጠቅሶ ፈቃድ ይኑረው፤ አለዚያ ቅጣቱ ራሱ ውል ማፍረስ ይሆናል።

ለዝግጅት ክፍላችሁ የማቀርበው ጥያቄ እንዲህ ነው። የአስማትና የጊዜ ታሪክ በተከታታይ ስታወጡ ደራሲው የውሉን ሙሉ ጽሑፍ ከመጀመሪያው ክፍል ጋር እንዲያስገባ ጠይቁት። ከ12 እስከ 15 አንቀጽ ይበቃል፤ ከዚያ ከበዛ ደራሲውም አያስታውሰውም። ጽሑፉን ከታሪኩ አስቀድማችሁ፣ አለዚያም በአንድ ዓምድ ጎን ለጎን አትሙት። አንባቢ ሕጉን አስቀድሞ ካወቀ እያንዳንዱን ጥሰት ከገጸ ባሕርያቱ ቀድሞ ያያል፤ በሚቀጥለው ሳምንትም ጋዜጣውን የሚገዛው ያየው ቀዳዳ ተደፍኖ እንደሆነ ለማወቅ ነው። አርታዒያችሁም ቀኖቹን በባሕረ ሐሳብ ያመሳክር፤ ታሪኩ በ2018 ዓ.ም. መጨረሻ ጳጉሜን 6 ቀን ተፈረመ የሚል ካለው ይመልሰው፤ ያ ቀን የሚገኘው በዘመነ ሉቃስ፣ በ2019 መጨረሻ ነው።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የምናባዊ ልቦለድ ጸሐፊ
ደሴ